የአንባቢያን ጥያቄና መልስ፦ ባዕድ የነደፈው ሕንፃ የማን ታሪክ ነው?

ጥያቄ፦ ከባሕር ዳር

«የተከበራችሁ የዝግጅት ክፍል አባላት፣ ታሪካዊ ሕንፃዎች የአንድን አገር ታሪክና ማንነት ያሳያሉ ሲባል ዘወትር እሰማለሁ። ነገር ግን ጎንደርን በጎበኘሁ ጊዜ አስጎብኚው ግንቡን የሠሩት ፖርቱጋሎች እንደሆኑ ነገረን። የአፍሪካ አዳራሽን የነደፈው ጣሊያናዊ ነው፤ የስድስት ኪሎው የቀድሞ ቤተ መንግሥትም አሠራሩ የአውሮፓ ነው። እጁም ንድፉም የባዕድ ከሆነ የእኛ ነው የምንለው ምኑን ነው?»

መልስ፦ አስጎብኚው የነገረዎት በብዙ ሰው አፍ ያለ ቢሆንም ከዘመኑ ታሪክ ጋር አይገጥምም። ዐፄ ሱስንዮስ ካቶሊክነትን የመንግሥት ሃይማኖት ለማድረግ ባደረጉት ሙከራ አገሩ በእርስ በርስ ጦርነት ከታመሰ በኋላ በ1624 ዓ.ም. ዙፋኑን ለልጃቸው ለፋሲለደስ ለቀቁ። ዐፄ ፋሲለደስ ደግሞ ከፖርቱጋሎች ጋር የተያያዙትን ኢየሱሳውያን የካቶሊክ ሚስዮናውያን ከአገር አስወጥተው በ1628 ዓ.ም. ጎንደርን መናገሻ አደረጓት። ሚስዮናውያኑን ያባረሩ ንጉሥ ተመልሰው ቤት እንዲሠሩላቸው ጠሯቸው ማለት ለማመን ያስቸግራል። ከእርሳቸው በፊትም ዐፄ ሠርፀ ድንግል በ16ኛው መቶ ክፍለ ዘመን እንፍራዝ አጠገብ፣ ጉዛራ በሚባለው ኮረብታ ላይ፣ ግንብ አሠርተው ነበርና የጎንደር ግንቦች ዘር መጀመሪያ ሊፈለግ የሚገባው እዚያ ነው።

የውጭ አሻራ ግን በፋሲል ግቢ በግልጽ ይታያል። ግቢውን በ1972 ዓ.ም. በዓለም ቅርስነት የመዘገበው ዩኔስኮ የሕንድና የዓረብ ተጽዕኖ፣ በኋላም ሚስዮናውያኑ ያመጡት ባሮክ የሚባለው የአውሮፓ የሕንፃ ስልት እንዳለበት ይገልጻል። በዚህ ላይ የግንበኞቹንና የአናጢዎቹን ማንነት ስንጨምር ነገሩ ይበልጥ ይሰፋል፤ ከእነዚህ ባለሙያዎች መካከል ቤተ እስራኤላውያን ነበሩባቸው። ዛሬ በእስራኤል የሚኖሩ የጎንደር ልጆች ያንን ግንብ ሲያዩ የአያቶቻቸው እጅ ሥራ ነው ቢሉ ከእውነት አልራቁም።

እንግዲህ የእኛ ነው የምንለው ውሳኔውን ነው። ከጎንደር በፊት ለረጅም ዘመን ነገሥታቱ ከነሠራዊታቸው በድንኳን የሚዘዋወሩ ነበሩ። መንግሥቱ በአንድ ቦታ ይርጋ፣ በድንጋይና በኖራ ይጽና የሚለው ሐሳብ ከባሕር ማዶ የመጣ አልነበረም። የውስጡን አሰፋፈር ደግሞ ልብ ብለው ይመልከቱ። 900 ሜትር በሚረዝመው አጥር ውስጥ የፋሲለደስ ግንብ ብቻውን አልቆመም። የጻድቁ ዮሐንስ ቤተ መጻሕፍት፣ የታላቁ ኢያሱ ቤተ መንግሥት፣ የዳዊት የመዝሙር አዳራሽ፣ የበካፋ የግብር አዳራሽና የእቴጌ ምንትዋብ ግንብ ተራ በተራ ተነሥተዋል። የሚነግሠው ሁሉ የአባቱን አዳራሽ ወርሶ ከመቀመጥ ይልቅ አጠገቡ የራሱን ያሠራ ነበር። ስለ ጎንደር ነገሥታት ሥልጣንና ክብር የሚነገረውን አንድ ምዕራፍ ያህል ይህ አሰፋፈር ብቻውን ይናገራል፤ እንዲያውም የዜና መዋዕል ጸሐፊዎች ለጌቶቻቸው ሲሉ የሚሸፋፍኑትን ድንጋዩ አይሸፍንም።

ሕንፃ የቀደመውን ዘመን እንዴት እንደሚያስታውስ ለማየት ግን ከጎንደርም ወደ ኋላ መሄድ ያስፈልጋል። አክሱማውያን ግድግዳ ሲሠሩ በድንጋዩ መካከል እንጨት እየጋደሙ፣ የአግዳሚዎቹን ጫፍ ወደ ውጭ ያወጡት ነበር፤ እነዚህን ጫፎች «የዝንጀሮ ራስ» እንላቸዋለን። እንጨቱ ግድግዳውን የሚያስር ስለሆነ ሥራ ነበረው። በታላላቆቹ ሐውልቶች ላይ ግን ያው የዝንጀሮ ራስ ከነሐሰት በሩና መስኮቱ በአንድ ወጥ ድንጋይ ላይ ተቀርጿል። ላሊበላ ሲደርሱ ደግሞ የቤተ አማኑኤልን ውጫዊ ግድግዳ ይመልከቱ። ቤተ ክርስቲያኑ ከአንድ አለት ተፈልፍሎ የወጣ በመሆኑ የሚያስረው እንጨት አያስፈልገውም፤ ሆኖም ፈልፋዮቹ አንዱን ረድፍ ገባ፣ አንዱን ወጣ እያደረጉ፣ እንጨትና ድንጋይ የተደራረበበት የአክሱም ግድግዳ አስመስለው ቀርጸውታል። ለጥንካሬው ምንም የማይጨምር ይህን ሁሉ ድካም የደከሙት እኛ የአክሱም ወራሾች ነን ለማለት ነው ብዬ አምናለሁ። ማንነት በሕንፃ ላይ ጎልቶ የሚታየው እንዲህ ጥቅሙ ካበቃ በኋላም በማይተው ነገር ላይ ነው።

ስለ ስድስት ኪሎው ሕንፃ ያነሡትን ሆን ብዬ ወደ መጨረሻ ያቆየሁት ብዙ የሚባልበት ስለሆነ ነው። ገነተ ልዑል ቤተ መንግሥት በ1920ዎቹ አጋማሽ ለቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ሲሠራ የአውሮፓን መኖሪያ ቤት ይመስል ነበር፤ በንድፉ ብቻ ቢመዘን የሚያስደንቅ ሕንፃ ነው ለማለት አልደፍርም። ብዙም ሳይቆይ ፋሺስት ጣሊያን አገሪቱን ወረረና ቤቱ የእንደራሴው መቀመጫ ሆነ። የካቲት 12 ቀን 1929 ዓ.ም. አብርሃ ደቦጭና ሞገስ አስገዶም በእንደራሴው በግራዚያኒ ላይ ቦምብ የወረወሩት በዚሁ ግቢ፣ ለድሆች ምጽዋት ይሰጣል ተብሎ ሕዝብ በተሰበሰበበት ነው። በዚያ ቀንና በተከታዮቹ ቀናት በአዲስ አበባ ሕዝብ ላይ የተፈጸመውን ጭፍጨፋ የሚያስታውሰው ሐውልት ከበሩ ፊት ለፊት ቆሟል።

ድል ከተመለሰ በኋላ ቤቱም ለባለቤቱ ተመለሰ። በታኅሣሥ 1953 ዓ.ም. የክብር ዘበኛ መፈንቅለ መንግሥት ሲሞከር ባለሥልጣናቱ በዚህ ቤት ታግተው ነበር። ሙከራው ሲከሽፍ፣ አረንጓዴው ሳሎን በሚባለው ክፍል ውስጥ በጥይት ከተደበደቡት መካከል የአምስቱ ዓመት ተጋድሎ አርበኛ የነበሩት ራስ አበበ አረጋይ ይገኙበታል። ንጉሠ ነገሥቱ ከዚያ በኋላ ቤቱን ለዩኒቨርሲቲ ሰጡት፤ በ1954 ዓ.ም. ዩኒቨርሲቲው በይፋ ተመረቀ፣ በ1955 ዓ.ም. የኢትዮጵያ ጥናት ተቋም ተመሠረተ። ብዙም ሳይርቅ ዙፋኑን ያናጋው «መሬት ለአራሹ» የሚለው የተማሪዎች ጩኸት ንጉሡ ራሳቸው በሰጡት በዚያው ግቢ ተሰማ።

ዛሬ በዚሁ ሕንፃ ውስጥ ወዳለው ሙዚየም ቢገቡ የንጉሠ ነገሥቱን መኝታ ቤት ያገኛሉ፤ በመስተዋቱ ላይ ያለው የጥይት ቀዳዳ ከዚያ የታኅሣሥ ሁከት የቀረ ነው። ከሕንፃው ፊት ለፊት ደግሞ ወደ የትም የማያደርስ ጠመዝማዛ ደረጃ ቆሟል። የሠሩት ፋሺስቶች ሲሆኑ፣ እያንዳንዱ እርከን ሙሶሊኒ እ.ኤ.አ. በ1922 ወደ ሮም ዘምቶ ሥልጣን ከያዘ ጀምሮ የገዛበትን አንድ ዓመት ያመለክታል። ከነጻነት በኋላ ማፍረሱ ቀላል ነበር። የተደረገው ግን ደረጃውን እንዳለ ትቶ ከጫፉ ላይ የይሁዳ አንበሳን ማስቀመጥ ነው። ወራሪው ለራሱ ክብር ያቆመው ደረጃ የአንበሳው መቆሚያ ሆነ። ማን ነደፈው ለሚለው ጥያቄ መልሱ «ጣሊያን» ነው፤ የማን ታሪክ ይናገራል ቢባል ግን አንበሳውን አይቶ የሚሳሳት የለም።

የአፍሪካ አዳራሽም ቢሆን ከዚህ የራቀ አይደለም። ወራሪው በተባረረ በ20 ዓመቱ፣ በ1953 ዓ.ም.፣ ጣሊያናዊው አርቱሮ ሜዜዲሚ ነድፎ የሠራው ሕንፃ ነው፤ አፈወርቅ ተክሌ 150 ካሬ ሜትር በሚሸፍን ባለ ቀለም መስተዋት የአፍሪካን ትግል ሣለበት፤ ግንቦት 17 ቀን 1955 ዓ.ም. የአፍሪካ አንድነት ድርጅት በውስጡ ተመሠረተ። ቂም ያልያዘ አገር ነው ማለት ይቻላል፤ በራሱ የሚተማመን ነው ማለትም ይቻላል። እኔ ሁለተኛው ይሻለኛል።

ጥያቄ፦ ከዋሽንግተን ዲሲ

«የአገር ታሪክ በሕንፃ ይታያል ስንል የነገሥታቱንና የአሸናፊዎቹን ብቻ እያየን አይደለምን? የተሸነፈው ወገን ታሪክስ በየትኛው ሕንፃ ይገኛል?»

መልስ፦ ወደ ሐረር ይሂዱ እንጂ። ጀጎል በ1998 ዓ.ም. በዓለም ቅርስነት ሲመዘገብ የሚጠቀሱት በ16ኛው መቶ ክፍለ ዘመን አሚር ኑር ያሠሩት አጥርና 82ቱ መስጊዶች ናቸው፤ ለእርስዎ ጥያቄ የሚሆነው መልስ ግን ከተራው ሐረሪ ቤት ውስጥ ነው። በዋናው ክፍል ከፍና ዝቅ ብለው የተሠሩ፣ ነደባ የሚባሉ መቀመጫዎች አሉ፤ አባወራው፣ ሽማግሌውና እንግዳው እንደየማዕረጉ የሚቀመጥበት ቦታ የታወቀ ነው። ወለሉና መደቡ በቀይ አፈር ይቀባል። ቀለሙ በ1879 ዓ.ም. በጨለንቆ፣ የአሚር አብዱላሂ ጦር በንጉሥ ምኒልክ ሠራዊት ድል በሆነበት ውጊያ የፈሰሰውን ደም እንደሚያስታውስ በከተማው ይነገራል።

በሌላ በኩል እዚያው ከተማ ውስጥ፣ ከድሉ በኋላ ሐረርን ያስተዳደሩት የራስ መኮንን ስም ከፍ ብሎ ይጠራል። በአደባባይ የአሸናፊው ስም፣ በየሳሎኑ የተሸናፊው ሐዘን፣ ሁለቱም በአንድ አጥር ውስጥ ኖረዋል። የአገር ታሪክ ሲጻፍ አንዱን ይዞ ሌላውን መተው የሚቀናው ጸሐፊ ብዙ ነውና የሐረር ሴቶች በየጊዜው መደባቸውን ቀይ ሲቀቡ የሠሩት ሥራ ቀላል አይደለም። ቤተ መንግሥትና ቤተ እምነት ብቻ እየቆጠርን ተራውን መኖሪያ ቤት ከቅርስ መዝገብ ስንዘለው የምናጣው ይህንን ዓይነቱን ምስክር ነው።

ጥያቄ፦ ከአዲስ አበባ፣ አራዳ

«ቤታችን አያቴ ያሠሩት ሲሆን የምድር ቤቱ ድንጋይ፣ ፎቁ እንጨትና ጭቃ፣ በረንዳውም የተጠረበ ጥድ ነው። በ2016 ዓ.ም. በፒያሳ ብዙ አሮጌ ቤቶች ለኮሪደር ልማት ከፈረሱ ወዲህ ሥጋት ገብቶናል። ግድግዳውን በሲሚንቶ ለስነን ማጠናከር ጀምረናል። በቅርስነት ቢመዘገብስ ንብረታችንን እናጣለን?»

መልስ፦ ስለ ባለቤትነቱ አይሥጉ። የቅርስ ጥናትና አጠባበቅ አዋጅ ቁጥር 209/1992 ቅርስ በመንግሥት ብቻ ሳይሆን በግለሰብም እጅ ሊሆን እንደሚችል ይደነግጋል። መመዝገቡ የሚያመጣብዎት ግዴታ ቤቱን በራስዎ ወጪ መጠበቅና ማንኛውንም የጥገናና የእድሳት ሥራ ከመጀመርዎ በፊት የቅርስ ባለሥልጣንን ፈቃድ መጠየቅ ነው። የከተማው ባህልና ቱሪዝም ቢሮ ቤቱን ከመዘገበው በማስረጃዎ ላይ የተሠራበትን ዘመንና የአያትዎን ስም የሚያሳይ አሮጌ ሰነድ፣ ፎቶግራፍም ካለ፣ አያይዘው ያስቀምጡ።

ልስኑን ግን ዛሬውኑ ያቁሙ። በጭቃ የተያያዘ የድንጋይ ግድግዳ ከመሬት የሚስበውን እርጥበት በፊቱ እያወጣ ይደርቃል። ሲሚንቶ ሲለጠፍበት እርጥበቱ መውጫ ስለሚያጣ ወደ ላይ እየወጣ የፎቁን አግዳሚ እንጨት ያበሰብሳል፤ ልስኑም በጥቂት ክረምት ከነድንጋዩ ገጽ ተገንጥሎ ይወድቃል። በፋሲል ግቢ እንኳ በጣሊያን ዘመን በሲሚንቶ የተጠገነው ክፍል በኋላ ጊዜ ተነሥቶ በቀድሞው ኖራ መተካቱን ልብ ይበሉ። የለጠፉት ገና ትኩስ ከሆነ በመሮ ቀስ ብሎ ይነሣል፤ የጠነከረውን ግን በመዶሻ አይምቱት፣ ድንጋዩን ይዞት ይወጣል። የተነሣውን በኖራና በአሸዋ ይለስኑ።

የበረንዳውን እንጨት በተመለከተ፣ የበሰበሰውን ቁራጭ ብቻ ቆርጦ በዚያው በጥድ የሚቀጥል አናጢ ይፈልጉ። አዲሱን ቁራጭ አሮጌ ለማስመሰል ቀለም አይቀቡት፤ መቼ እንደተጠገነ የሚያይ ሰው ይወቀው። በግድግዳው ላይ አሮጌ ጽሑፍ፣ የተደፈነ በር ወይም የጥይት ምልክት ካገኙ በልስን ከመሸፈንዎ በፊት ለባለሙያ ያሳዩ። ከሁሉ በፊት የሚቀድመው ግን ጣሪያው ነው። የዛገውን ቆርቆሮና የተሰበረውን አሸንዳ ሰኔ ሳይገባ ያስለውጡ፤ ውኃው ከግድግዳው ራቅ ብሎ የሚወርድበት ቦይም ይቆፈር፤ ግድግዳው ሊለሰን የሚገባው አንድ ክረምት አልፎት መድረቁ ከታየ በኋላ ነው።