ማንም የማያልፈውን የአስማት ባሕር ጀግናዋ እንዴት ትሻገረው?

የባሕሩን ኃይል አትቀንሺ፤ ሰዓት ስጪው። ሁሉንም የሚውጥ ባሕር ፈጥረሽ ጀግናዋን ማሻገር ያቃተሽ፣ መቼ እንደሚገድል ስላልወሰንሽ ነው።

ከእውነተኛው ባሕር ተበደሪ። ኖርዌይ ጠረፍ ላይ ያለው የሞስክስትራውመን አዙሪት የሚነሳው ውኃው በጨረቃ ስበት ሲሞላና ሲጎድል ነው። ፍሰቱ አቅጣጫ ሲቀይር፣ በግምት በየ6 ሰዓቱ፣ ለአጭር ጊዜ ይረጋል።

ያንቺም ባሕር እንዲህ ያለ ፋታ ይኑረው። ፋታውን የሚያውቁት ግን የጠረፉ ዓሣ አጥማጆች ብቻ ይሁኑ፤ ጀግናዋ እነሱን ማሳመን አለባት። ታሪኩ የሚጣፍጠው እዚህ ጋ ነው።

አንድ ነገር ተጠንቀቂ፦ ፋታውን ከመሻገሪያው ምዕራፍ ቀደም ብለሽ አሳዪ። ብዙ ረቂቅ አንብቤያለሁ፤ የፋታው ሕግ ጀልባዋ ልትሰጥም ስትል ድንገት ከመጣ አንባቢው ለማምለጫ የተፈጠረ መሆኑን ይነቃበታል። ከዚያ በኋላ ባሕሩን አይፈራውም።