በልጅነት ገብቶ በጉልምስና መባረር

ከአሜሪካ ስለሚባረሩት ካምቦዲያውያን ስደተኞች ለጠየቃችሁኝ መልሴ እነሆ። ዓመቶቹ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።

«መንግሥት ራሱ ተቀብሎ ያስገባቸውን ስደተኞች እንዴት መልሶ ያባርራል?»

ግሪን ካርድ ቋሚ የመኖሪያ ፈቃድ እንጂ ዜግነት ስላልሆነ ነው። ከ1975 እስከ 1979 ካምቦዲያን በገዛው በኮሚኒስቱ የክመር ሩዥ ቡድን ዘመን ከ1.5 ሚሊዮን በላይ ሕዝብ አለቀ። ከተረፉት ብዙዎቹ በታይላንድ ድንበር መጠለያዎች አልፈው እንደ ሎንግ ቢች፣ ስቶክተንና ሎዌል ባሉ የአሜሪካ ከተሞች ሰፈሩ። ብዙ ወላጆች ሐዘናቸው ሳይወጣላቸው፣ እንግሊዝኛም ሳይገባቸው፣ ለዜግነት ሳያመለክቱ ቀሩ። ልጆቹ የወሮበላ ቡድን (ጋንግ) በሚፋለምበት ድሃ ሰፈር አደጉ። አንዳንዶቹ ገና በጉርምስናቸው አጥፍተው ታሰሩ፤ ቅጣታቸውን ጨርሰው ወጡ፣ ሥራ ያዙ፣ ወለዱ። የ1996ቱ የአሜሪካ ኢሚግሬሽን ሕግ ግን ወደ ኋላ ሄዶ የተዘጋውን ፋይል ከፈተው። በስርቆት ወይም በድብደባ አንድ ዓመት የተፈረደበት ሰው፣ ቅጣቱ በገደብ ቢሆንም እንኳ፣ ከከባድ ወንጀለኛ ተቆጠረ። የኢሚግሬሽን ዳኛውም የሰውየውን ልጆችና ሥራ አይቶ የሚምርበት ሥልጣን ተነጠቀ። ለአንድ ጥፋት ሁለት ጊዜ መቀጣት ለእኔ ፍትሕ አይደለም።

«ወደ አገራቸው መመለሳቸው ምን ክፋት አለው?»

የትኛው አገራቸው? ከመካከላቸው እዚያው ታይላንድ መጠለያ ውስጥ የተወለዱ፣ ካምቦዲያን ረግጠው የማያውቁ አሉ። ካምቦዲያ ልትቀበላቸው የተስማማችው በ2002 ነው፤ የመጀመሪያዎቹም በዚያው ዓመት ዋና ከተማዋ ፕኖም ፔን ደረሱ። ከተባረሩት አንዱ ለጎዳና ልጆች የብሬክ ዳንስ ማስተማሪያ ከፍቷል። ጎበዝ ነው፤ ግን ያ ጉብዝና ባደገበት ሰፈርም ያስፈልግ ነበር።

«ይቅርታ የሚሰጣቸው የለም?»

አለ፤ ጥቂት ነው። የካሊፎርኒያ ገዥዎች ጄሪ ብራውንና ጋቪን ኒውሰም ለአንዳንዶቹ ምሕረት አድርገዋል።

«እኛም ግሪን ካርድ ያለን ኢትዮጵያውያን ነን። ወንድሜ በስርቆት ተከሶ፣ ጠበቃው ‹ጥፋትህን እመን፣ በገደብ ትወጣለህ› ብሎታል።»

እባክዎ፣ የኢሚግሬሽን ጠበቃ ሳያይለት እንዳይፈርም! ሕጉ ካምቦዲያዊ፣ ኢትዮጵያዊ ብሎ አይለይም። 364 ቀን ተፈርዶበት መውጣትና 365 ቀን ተፈርዶበት መውጣት ለእሱ የሰማይና የምድር ያህል ይራራቃሉ፤ 364ም ቢሆን ሌላ መዘዝ ሊኖረው ይችላል። የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በ2010 እንደወሰነው፣ የወንጀል ጠበቃ ስለ መባረር አደጋ ደንበኛውን የማስጠንቀቅ ግዴታ አለበት። ጠበቃውን ፊት ለፊት ይጠይቁት።

«እኔ ዜግነት ባገኝ ልጆቼስ?»

ከ18 ዓመት በታች ሆነው፣ ግሪን ካርድ ይዘው፣ በሕጋዊ አሳዳጊነትዎ ሥር ከእርስዎ ጋር የሚኖሩ ከሆነ ወዲያው ዜጋ ይሆናሉ። ይህ ሕግ ሥራ ላይ የዋለው በየካቲት 2001 ነው፤ ያን ጊዜ 18 ለሞላቸው የካምቦዲያ ልጆች አልደረሰላቸውም። ለእርስዎ ልጆች ገና ጊዜ አለ፤ ማመልከቻውን ዛሬ ይሙሉ።