«ደህንነት» ሲባል የማን ደህንነት? ከምንስ?

ጥያቄ፦ መምህር፣ እንደምን ሰነበቱ? ሜክሲኮ አካባቢ ባለ አንድ አነስተኛ የሶፍትዌር ድርጅት ውስጥ እሠራለሁ። የጨረታ ሰነድ የማዘጋጀው እኔ ነኝ። በቅርቡ ለአንድ የመንግሥት መሥሪያ ቤት ሰነድ ስናሟላ «የደህንነት ግምገማ ቅጽ» የሚል አብሮ መጣ። የመጀመሪያው ጥያቄ «የድርጅቱ የደህንነት ሁኔታ ይገለጽ» ይላል። እኔ ስለ ሁለቱ ጥበቃዎቻችን፣ ስለ ብረት በሩና ስለ ካሜራው ጽፌ ጨረስኩ። ሥራ አስኪያጃችን ሲያየው «ኧረ እነሱ የጠየቁት ስለ ሲስተሙ ነው» አለኝ። ባልደረባዬ ደግሞ «የለም፣ የሠራተኞቹን ማንነት ነው» አለ። ሦስታችንም በአማርኛ አፍ የፈታን ነን። ታዲያ ችግሩ ከቃሉ ነው ከእኛ? «ጸጥታ» ቢባል ይሻል ነበር? ደግሞስ «ግምገማ»፣ «ፍተሻ»፣ «ማጣራት» ከሚሉት የቱ ነው ትክክል? «ፓኬጅ»ስ አማርኛ የለውም?

መልስ፦ እኔ ደህና ነኝ፣ እግዚአብሔር ይመስገን። የጥያቄዎ መልስ የሚጀምረውም ከዚሁ «ደህና» ከሚለው ቃል ነው።

ቃሉ ከግዕዙ «ድኅነ» ጋር ዘመድ ነው። ዳነ፣ ተረፈ፣ ከክፉ አመለጠ ማለት ነው። የምንውጠው መድኃኒት፣ ለመኪናችን የምንገባው መድን፣ በቤተ ክርስቲያን የምንሰማው ድኅነት፣ ሁሉም ከአንድ ግንድ የበቀሉ ናቸው። ደህንነት እንግዲህ ከአደጋ ውጭ መሆን ነው። ግን ብቻውን አይቆምም። ደህና የሚሆን አንድ ነገር ይፈልጋል። የሚድንበት አደጋም ይፈልጋል። ቅጹ ሁለቱንም አልነገራችሁም። ስለዚህ ሦስታችሁም ክፍቱን ቦታ በየራሳችሁ ሞላችሁት። እርስዎ ግቢውን ከሌባ፣ ሥራ አስኪያጁ ሲስተሙን ከጠላፊ፣ ባልደረባዎ መሥሪያ ቤቱን ከማይታመን ሰው። ማናችሁም አማርኛ አልተሳሳታችሁም። የጎደለው ጥያቄው ነው።

የባልደረባዎ ግምት ከየት እንደመጣ ደግሞ ይገባኛል። አንድ ሰው ካፌ ውስጥ ድምፁን ዝቅ አድርጎ «ያ ሰውዬ ደህንነት ነው» ቢልዎ፣ ሰውዬው ጤነኛ ነው ማለቱ እንዳልሆነ ያውቃሉ። የመሥሪያ ቤቱ ስም ለሠራተኛው ተሰጥቶ ነው። በዚህ የተነሣ «የደህንነት ግምገማ» የሚል ወረቀት ገና ርእሱ ሲታይ የሚደነግጥ አለ። ሲደነግጥ ደግሞ አንድም ያልተጠየቀውን ይጽፋል፣ አንድም የተጠየቀውን ይደብቃል።

ዋናው የውዥንብሩ ምንጭ ግን ትርጉም ይመስለኛል። ብዙ ቅጾቻችን ከውጭ ቅጽ የተቀዱ ናቸው። «ሴኩሪቲ» የሚለው የውጭ ቃል ደግሞ ሆደ ሰፊ ነው። አማርኛ ግን ነገሩን ለያይቶ ነው የሚጠራው። በር ላይ የሚቆመው ጥበቃ ነው። የከተማው ሰላም ጸጥታ ነው። የተባበሩት መንግሥታቱም የጸጥታው ምክር ቤት ነው። የጡረታው ማኅበራዊ ዋስትና ነው። ተጫራች የሚያስይዘው ገንዘብ የጨረታ ማስከበሪያ ነው። የመረጃና የኮምፒውተሩ ነው ደህንነት የሚባለው። ይህ የቃል ድህነት አይደለም፤ ሀብት ነው። አምስቱን በአንድ ቃል ስንደፈጥጣቸው ነው የምንደኸየው።

አንድ ጊዜ «የጨረታ ደህንነት በሲፒኦ ይቅረብ» የሚል የተተረጎመ ሰነድ እጄ ገብቶ አዘንኩ (ሲፒኦ ባንክ ያረጋገጠው የክፍያ ማዘዣ ነው)። ለምን መሰለዎት? «ማስከበሪያ» እንዴት ያለ ቃል እንደሆነ ስለማውቅ ነው። ከበረ፣ አከበረ፣ አስከበረ፣ ማስከበሪያ። አንድ ሰው ቃሉን እንዲያከብር የሚያደርግ ነገር ማለት ነው። ቃሉ ራሱ የዕቃውን ሥራ ይናገራል። ይህን ጥሎ «ደህንነት» ያለ ሰው የተሠራ ቤት ትቶ ድንኳን እንደተከለ ነው የምቆጥረው።

«ጸጥታ» ላሉት፣ እዚህ አይሆንም። ጸጥታ ጸጥ ከማለት ነው የመጣው። ሁከትና ግርግር አለመኖሩ ነው። ሰፈር ጸጥ ይላል፣ ጎዳና ጸጥ ይላል። መረጃ ግን የሚሰረቀው በጸጥታ ነው። ሰርቨሩ ድምፁን ሳያሰማ ሁሉ ነገር ተቀድቶ ሊሄድ ይችላል።

ታዲያ ምን እናድርግ? ሁለት የመንግሥት ተቋማትን ስም እንይ። አንዱ የኢንፎርሜሽን መረብ ደህንነት አስተዳደር ነው። ቀድሞ ኤጀንሲ ሳለ በአዋጅ ቁጥር 808/2006 እንደገና የተቋቋመው ማለት ነው። ሌላው የብሔራዊ መረጃና ደህንነት አገልግሎት ነው። በመጀመሪያው ስም ላይ «ደህንነት» ባለቤት አለው፤ የኢንፎርሜሽን መረቡ ደህንነት ነው። ሲያነቡት አይጠራጠሩም። ቅጹም እንደዚህ «የመረጃ ሥርዓቱ ደህንነት» ወይም «የሠራተኞች ማንነት» ወይም «የግቢና የሕንፃ ጥበቃ» ቢል ኖሮ እርስዎና ሥራ አስኪያጅዎ አትከራከሩም ነበር።

በሁለተኛው ስም ውስጥ ያለችውን «መረጃ»ም ልብ ይበሉ። እዚያ መረጃ የስለላው ነው። እኛ ዕለት ተዕለት የምንለው መረጃ ሌላ ነው። እንዲያውም ቅጽ ስትሞሉ ከሁሉ በላይ የሚያሳስተው «መረጃ» እና «ማስረጃ» ነው። ሁለቱም ከ«ተረዳ» እና ከ«አስረዳ» ቤት ናቸው። መረጃ እኔ የምረዳበት ነው። ማስረጃ ሌላውን የማስረዳበት፣ የማሳምንበት ነው። «የሠራተኞች መረጃ ይቅረብ» ከተባለ ስም፣ ሙያና የሥራ ድርሻ በሠንጠረዥ ይበቃል። «ማስረጃ ይያያዝ» ከተባለ ግን ማኅተም ያለበት ወረቀት ነው የሚፈለገው። ማስረጃ ለተጠየቀ መረጃ መስጠት ማለት ወረቀቱ ተመልሶ መጣ ማለት ነው።

አሁን ወደ ሦስቱ ቃላት። እኔ የምለያቸው እጅና ዓይን የት እንደሚያርፉ አይቼ ነው።

ፍተሻ እጅን ዕቃው ውስጥ ይከታል። በአዲስ አበባ ፍተሻ ሲባል መጀመሪያ የሚታየን የመሥሪያ ቤት በር ነው። ቦርሳ ይከፈታል፣ እጅ ወደ ላይ ይነሣል። ለሲስተምም ይሠራል። አንድ ባለሙያ ሶፍትዌሩን ከፍቶ ክፍተት ሲፈልግ ያ ፍተሻ ነው።

ማጣራት ሌላ ነው። ጠላ ሲጠራ፣ ውሃ ሲጠራ፣ ሰማይ ሲጠራ አስቡት። ድፍርሱ ወደ ታች ይወርዳል፣ ጥሩው ላይ ይቀራል። «ወሬውን አጣራ» የምንለው ለዚህ ነው። ዕቃውን አንነካም፤ እንጠይቃለን፣ እናመሳክራለን። ፈቃዱ የታደሰ ነው? ባለቤቱ ማነው? ሰውየው ሠራሁ ያለበት ቦታ በእውነት ሠርቷል? የሰውና የድርጅት የኋላ ታሪክ የሚጣራ እንጂ የሚፈተሽ አይደለም።

ግምገማ ይመዝናል፣ ነጥብ ይሰጣል። በጨረታ ዓለም ደግሞ ቃሉ ተይዟል። የቴክኒክ ግምገማ፣ የፋይናንስ ግምገማ ሲባል ተጫራቾችን ማወዳደር ነው። ስለዚህ «የደህንነት ግምገማ» የሚል ቅጽ ያየ ተጫራች «ይህም ነጥብ አለው እንዴ?» ብሎ ቢጠይቅ አይፈረድበትም። በዚያ ላይ በመሥሪያ ቤቶቻችን ግምገማ ሲባል ሰው በስብሰባ ፊት ተቀምጦ ጥንካሬና ድክመቱ የሚነገርበትም ነው። የሚያልፍና የሚወድቅ ብቻ ካለ፣ ነጥብ ከሌለ፣ «ማጣሪያ» ይሻላል። የኳስ ወዳጆች ማጣሪያ ምን እንደሆነ ያውቁታል።

«ምርመራ»ን ተዉት። ምርመራ ካለ የታመመ ወይም የተጠረጠረ ሰው አለ። «ኦዲት» ግን ይቆይ። እንደ ባንክና እንደ ፖስታ አማርኛ ሆኗል። ከውጭ የመጣ ገለልተኛ ባለሙያ፣ በታወቀ መስፈርት፣ በሪፖርት የሚጨርሰው ሥራ ኦዲት ነው።

አሁን ደግሞ እርስዎ ያልጠየቁኝን፣ እኔን ግን ብዙ የሚያበሳጨኝን ላንሣ። «ይገለጽ» ይላል ቅጹ። እናንተም ስትመልሱ «የደህንነት ፍተሻ ተደርጓል» ትላላችሁ። ማን አደረገ? መቼ? «ተደርጓል»፣ «ተረጋግጧል»፣ «ተወስዷል» የሚሉት ግሦች አድራጊውን ይሸሽጋሉ። ለዜና ይሁን እንበል። ሰው ፈርሞ ኃላፊነት ለሚወስድበት ወረቀት ግን አይሆንም። «የድርጅቱ የሲስተም አስተዳዳሪ በጥር 2017 ዓ.ም. ፍተሻ አድርጋለች፤ ሪፖርቱ በአባሪ 3 ተያይዟል» ቢሉ አንባቢው የሚጠይቀው የለውም። ዓመተ ምሕረቱንም አይርሱ። በተለይ ከውጭ ከተሰጠ ሰርተፊኬት ጋር ሲያያዝ ዓ.ም. ወይም እ.ኤ.አ. ካልተባለ ሰባት ስምንት ዓመት ይዛባል።

ይህን ያህል ለአንድ ቃል መጨነቅ ምን ያደርጋል የሚል ካለ፣ የፌዴራል ነጋሪት ጋዜጣን ያቋቋመውን አዋጅ ቁጥር 3/1987 ይመልከት። በጋዜጣው የሚወጣ ሕግ የአማርኛና የእንግሊዝኛ ቅጂው ቢለያዩ የሚጸናው አማርኛው ነው። የአገር ሕግ የተመሠረተበት ቋንቋ ነውና ቅጹም በዚያው ጥንቃቄ ሊጻፍ ይገባል።

ስለ ፊደል አንድ ነገር ልጨምር። ባለፈው ወር አራት ኪሎ አንድ ፎቶ ኮፒ ቤት ተራ ይዤ ቆሜ ነበር። ከፊቴ አንድ ወጣት የጨረታ ሰነድ ያሟላል። አንዱ ክምር «ዋና»፣ ሌላው «ኮፒ»። በየገጹ ማኅተም ያሳርፋል፣ ቲተር (የስም ማኅተም) ይመታል፣ ፓራፍ (አጭር ፊርማ) ያደርጋል። ኤንቨሎፖቹ ሊታሸጉ ጎን ላይ ተደርድረዋል። ዓይኔ የአንዱ ክምር የፊት ገጽ ላይ አረፈ። «የሲስተም ድህነት ማረጋገጫ» ይላል። አንዲት «ን» ወድቃ፣ «ደ» ወደ «ድ» ተቀይራ። «ወንድሜ፣ ይቺን እያት» አልኩት። ማኅተሙን አየር ላይ እንደያዘ ቀረ። ከዚያ ሳቀ፣ ከዚያ ሰዓቱን አየ። ያንን ገጽ ለዋናውም ለኮፒውም እንደገና አሳትሞ፣ አመስግኖኝ እየሮጠ ወጣ።

ድህነት፣ ድኅነት፣ ደህንነት፦ ማጣት፣ መዳን፣ ከአደጋ ውጭ መሆን። ከሥሩ ብንሄድ የመጨረሻው በብዙኃኑ «ኅ» «ደኅንነት» ተብሎ ቢጻፍ ደስ ይለኛል። ተቋማቱ ግን በስማቸው ላይ በ«ህ» ይጽፉታል። ለጨረታ ሰነድ ምክሬ አጭር ነው፦ ቅጹ እንደጻፈው ጻፉ፣ ከመጀመሪያው ገጽ እስከ መጨረሻው አትለውጡ። የመንግሥት ግዥ ወደ ኤሌክትሮኒክ ሥርዓት በገባበት ዘመን ይህ የወግ ጉዳይ ብቻ አይደለም። ለኮምፒውተር «ህ»፣ «ሕ» እና «ኅ» ሦስት የተለያዩ ፊደላት ናቸው። በአንዱ የፈለገ ሌላውን አያገኝም። «ምስጢር» እና «ሚስጥር»ም እንዲሁ። የድርጅታችሁ ስም በንግድ ፈቃዱ ላይ «ፀሐይ» ከሆነ፣ ማመልከቻው ላይ «ጸሀይ» አትበሉ። እኔና እርስዎ አንድ ነው እንላለን። የሚያጣራው ሰው ግን ሁለት ድርጅት ነው ቢል ማሸነፊያ የለንም።

«ፓኬጅ» ቀርቶብኛል። «ጥቅል» ጥሩ አማርኛ ነው፤ ጥቅል ጎመን ቀድሞ ትዝ ቢለንም። ግን መጀመሪያ ምን ማለታችሁ እንደሆነ እዩ። ግዥው ተከፋፍሎ ከሆነ የወጣው፣ የጨረታ ማስታወቂያ «ሎት» ወይም «ምድብ» ይለዋል፤ በዚያው ሂዱ። ወረቀቶቹ ተሰብስበው ከሆነ «የተሟላ የጨረታ ሰነድ» ነው። ካሸነፋችሁና ከፈረማችሁ በኋላ «የውል ሰነዶች» በሉት። «ውል» የምወደው ቃል ነው። በ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 1675 የተተረጎመው እሱ ነው። ፈታዮቻችንና ሸማኔዎቻችን የክሩን ጫፍም ውል ይሉታል። ውሉ ከጠፋ ልቃቂቱ ሁሉ ይወሳሰባል።

እንግዲህ ለእርስዎ ቅጽ፦ ከማስገባትዎ በፊት ለመሥሪያ ቤቱ የግዥ ክፍል አጭር ደብዳቤ ይጻፉ። «በቅጹ ተራ ቁጥር 1 ላይ ‹የድርጅቱ የደህንነት ሁኔታ› ሲባል የመረጃ ሥርዓቱን ደህንነት፣ የሠራተኞችን ማጣሪያ ወይስ የግቢውን ጥበቃ ለማለት እንደሆነ ማብራሪያ እንዲሰጠን እንጠይቃለን።» ተጫራች ማብራሪያ መጠየቅ መብቱ ነው፤ ቀነ ገደቡን ብቻ ይጠንቀቁ። መልሱ ከዘገየ በሦስት ንዑስ ርእስ ከፍለው ይጻፉት። ስለ ብረት በሩና ስለ ካሜራው የጻፉትንም አይጣሉት። «የግቢና የሕንፃ ጥበቃ» በሚለው ሥር ያስገቡት።