መልስ፦ «ከክፉዋ እንጀራ እናት ሚና በኋላ ሌላ ሥራ አጣሁ፤ ምን ላድርግ?»

ያንኑ ሚና ይዞ የሚመጣውን ሁሉ እምቢ በይ፤ መድረክ ላይ ደግሞ ተቃራኒዋን ተጫወቺ። ባሕር ዳር ስላለሽ ሙሉዓለም የባህል ማዕከል ቅርብሽ ነው። በቴሌቪዥን ክፉ እንጀራ እናት ሆነሽ ያወቀሽን ሰው እዚያ አስቂው። አዘጋጅ የሚያምነው በዓይኑ ያየውን ነው።

ከዚያ ከ2 ደቂቃ ያልበለጠ ቪዲዮ ቅረጪ። የዚያችን ሴትዮ የነጠላ አጣጣል ተዪው። በጥርሷ መሃል እየፈጨች የምታወጣውን ንግግርም ተዪው። ሰው የለመደው ፊትሽን ብቻ ሳይሆን እነዚህን ጭምር ነው። ቪዲዮውን በቴሌግራም ለአዘጋጆች ላኪ።

ጊዜ ይፈጃል፣ ግን ይቻላል። አሜሪካዊቷ ተዋናይት ጁሊያ ሉዊስ ድራይፈስ «ሳይንፌልድ» በተባለ አስቂኝ የቴሌቪዥን ድራማ ላይ ኢሌይን የተባለችውን ገጸ ባሕርይ ሆና የተጫወተችው ከ1990 እስከ 1998 እ.ኤ.አ. ነው። ቀጥላ የጀመረችው ድራማ በአጭሩ ተቀጨ። በ2006 ግን በሌላ ድራማ ኤሚ የተባለውን የአሜሪካ የቴሌቪዥን ሽልማት ወሰደች፤ ከ2012 ጀምሮ ደግሞ «ቪፕ» በተባለ ድራማ ብቻ 6 ዓመት በተከታታይ ተሸለመች። የጠበቀችውን ያህል ጠብቃ ነው።

አንድ ነገር አደራ። ባጃጅ ሹፌሩ በገጸ ባሕርይዋ ስም ሲጠራሽ አትቆጪው። አብራኝ መድረክ ላይ የሠራች ልጅ ገበያ መሃል «ስሜ እሱ አይደለም!» ብላ ጮኸች። በስልክ ቀረጿት። ከዚያ ወዲህ ሰው የሚያወራው ስለ ትወናዋ ሳይሆን ስለ ጩኸቷ ሆነ፤ በጣም ነው ያሳዘነችኝ። አንቺ ስምሽን በፈገግታ ንገሪውና ቀጣዩን ቴአትርሽን እንዲያይ ጋብዢው።