«ቅቤ የለበትም» ማለት «የጾም ነው» ማለት ነው?

ጥያቄ፦ መምህር፣ እንደምን አሉ? የምኖረው ለንደን ነው። እዚህ አገር በስቅለት ዓርብ «ሆት ክሮስ በን» የሚሉት፣ ዘቢብና ቅመም የገባበት፣ ላዩ ላይ መስቀል የተሠራበት ትንሽ ዳቦ ይበላል። ልጆቼ በትምህርት ቤት ለምደውት ጋግሪልን ይሉኛል። በቅቤው ፈንታ ዘይት፣ በወተቱ ፈንታ የአኩሪ አተር ወተት አደርጋለሁ። እንቁላልም አላስገባበትም። እንግዲህ የጾም ስለሆነ በስቅለት ጠዋት አብሬአቸው ብበላ ችግር አለው? አንዲት ጓደኛዬ ደግሞ መስቀል ያለበትን ዳቦ መንከስ ድፍረት ነው ብላኛለች።

መልስ፦ እኅቴ፣ ከጓደኛሽ ልጀምር፤ እሱ ቀላሉ ነው። እናቶቻችን ሊጥ አቡክተው ሲከድኑ በእጃቸው ያማትቡበታል። ድፎውም ተባርኮ ነው የሚቆረሰው። ስለዚህ መስቀሉ አያስፈራሽ፤ አመስግነሽ ብዪ። ብቻ ዳቦው ዳቦ መሆኑን አትርሺ። በድሮ እንግሊዞች ዘንድ በስቅለት የተጋገረ ዳቦ አይሻግትም፣ ወጥ ቤት ከተሰቀለ ቤቱን ከእሳት ይጠብቃል የሚል እምነት ነበር። ጎረቤት «አንዱን ስቀዪው» ብትልሽ እንዳትሰሚ። ቤታችንን የሚጠብቀው በመስቀል ላይ የዋለው ጌታ ነው።

እኔን ያሳሰበኝ «የጾም ስለሆነ» ያልሽው ነው። ይህን ቃል በየሁዳዴው እሰማዋለሁ። «መምህር፣ ይሄ ብስኩት የጾም ነው?» «ይሄ ቸኮሌትስ?» ጀርባው ላይ ያለውን ጽሑፍ እስከ መጨረሻዋ ፊደል አንብበው፣ ወተት እንደሌለበት አረጋግጠው የሚመጡ አሉ። ጥንቃቄያቸውን አልነቅፍም። ደስ ይለኛል እንጂ። ግን ቀስ በቀስ ጾም ማለት የዕቃ ዝርዝር መስሎናል። ቅቤው ይውጣ እንጂ ኬኩ ይቀመጣል። ሥጋው ይውጣ እንጂ ማዕዱ ከፍስኩ ጊዜ ይበልጣል። ሆዳችን ምንም አልጎደለበትም፤ እኛ ግን ጾመናል እንላለን።

ነቢዩ ዳንኤል ሦስት ሳምንት ባዘነ ጊዜ ምን እንዳለ አስታውሺ፦ «ማለፊያ እንጀራም አልበላሁም፥ ሥጋና ጠጅም በአፌ አልገባም» (ዳን. 10፥3)። ከሥጋው በፊት የጠራው ማለፊያ እንጀራን ነው። እንጀራ እኮ ሥጋ የለበትም፣ ቅቤ የለበትም። ዳንኤል ግን የሚጣፍጠውን፣ የሚያስጎመጀውን ተወ። ያንቺ ዳቦ ቀረፋው፣ ቅርንፉዱ፣ የብርቱካን ልጣጩ ገብቶበት ከምድጃ ሲወጣ ሽታው ደረጃውን ያውደዋል። ይህ ማለፊያ እንጀራ ካልሆነ ምን ማለፊያ እንጀራ አለ?

ቀኑ ደግሞ ስቅለት ነው። ሌላ የጾም ዓርብ ቢሆን ከሰዓቱ በኋላ በልክ ብትበዪው አልቆጣሽም ነበር። በስቅለት ግን ጠዋት አይበላም፤ በዚህ አላመቻምችሽም። ጌታ ስለ ሙሽራው ሲናገር «ከእነርሱ የሚወሰድበት ወራት ይመጣል፥ በዚያ ጊዜም ይጦማሉ» ብሏል (ማቴ. 9፥15)። ሙሽራው የተወሰደው ያን ቀን ነው። «ለመብሌ ሐሞትን ሰጡኝ፥ ለጥማቴም ሆምጣጤን አጠጡኝ» የተባለው የተፈጸመው ያን ቀን ነው። እሱ ሆምጣጤ በቀመሰበት ቀን እኛ ዘቢብ እየለቀምን እንዋል? ከልብሽ ጋር ተነጋገሪበት። እንደማትፈልጊው አውቃለሁ።

ደግሞ የትኛው ስቅለት? በ2016 ዓ.ም. የእንግሊዞቹ መጋቢት 20 ሲሆን የእኛ ሚያዝያ 25 ነበር። በ2017 ግን ሁለቱም ሚያዝያ 10 ዋሉ። ብዙ ጊዜ የእነሱ በዓል ሲደርስ እኛ ገና ጾሙ መሐል ነን። ጎረቤት ዳቦውን ይዛ በርሽን ብታንኳኳ በፈገግታ ተቀበያት። ስለ ጾም ስብከት አትጀምሪባት። አመስግነሽ ለልጆቹ አስቀምጪው።

እንግሊዞቹም ቢሆኑ ይህ ዳቦ ቀን ነበረው። እ.ኤ.አ. በ1592 በለንደን የቅመም ዳቦ ከስቅለት፣ ከገናና ከቀብር በቀር ለሕዝብ እንዳይሸጥ ታዝዞ ነበር። ቅመሙ ጌታ የተገነዘበትን ሽቱ ያስታውሳል የሚሉም አሉ። እኛ በሰባተኛው ሳምንት የምናስበው ኒቆዲሞስ ያመጣውን ከርቤና እሬት ማለት ነው። ዛሬ የካቲት ሳይገባ በየሱፐርማርኬቱ ተደርድሮ ታዪዋለሽ። ቀን የነበረው ነገር ሁሉ ቀኑን ሲያጣ ያሳዝነኛል።

ልጆቹን በተመለከተ፣ ዕድሜያቸውን አልነገርሽኝም። ትንንሾቹ ይብሉ፤ ማንም አይከለክላቸውም። ከፍ ያሉትን ከንስሐ አባትሽ ጋር ተነጋገሪባቸው። ደግሞ «አይቻልም» ብለሽ ብቻ በሩን አትዝጊባቸው። የክፍል ጓደኞቻቸው ሲበሉ ያያሉ፤ የእኛ እምነት የክልከላ ብቻ ይመስላቸዋል። ልጅ በእጁ የሠራውን አይረሳም።

እንዲህ አድርጊ። ሊጡን ቅዳሜ ቀን ከልጆቹ ጋር አቡኪው። ዱቄትና ውሃ በጥብጠሽ መስቀሉን እነሱ ይሥሩት። እየሠሩ ዓርብ ዕለት ሲሰግዱ የዋሉት ለምን እንደሆነ ንገሪያቸው። ከመጋገሪያው ሲወጣ ማንም አይቅመስ፤ መጠበቁንም ይማሩት። ከሚወጣው ላይ ግማሹን ለይተሽ ብቻውን ለሚኖር ሰው ላኪ። ለንደን ውስጥ ፋሲካን ብቻውን የሚውል አበሻ አይጠፋም። ኢሳይያስም በምዕራፍ 58 የጾሙን ነገር ሲናገር እንጀራህን ለተራበው ቁረስ ነው ያለው።

የቀረውን ሌሊት ከቅዳሴ ስትመለሱ፣ ዶሮው እስኪቀርብ እነሱው ይቁረሱት። ያን ጊዜ በዘይት መሆኑ ይቅር፤ ወተቱንም እንቁላሉንም አስገቢበት፣ ቅቤውንም አትሰስቺበት።