ሩቁን አቅርቦ የሚያሳይ ባይኖኩላር ስትገዛ፦ 8 በ42 ወይስ 10 በ42?

8 በ42ቱን ግዛ። ወንዶ ገነትና ዝዋይ ለወፍ ማየት ከሆነ የምትሄደው፣ 10ሩ ቁጥሩ ስለበለጠ ብቻ አይሳብህ።

የመጀመሪያው ቁጥር ስንት እጥፍ እንደሚያቀርብ ነው። ሁለተኛው የፊተኛው ሌንስ ስፋት ነው፣ በሚሊሜትር። 42ን ለ8 ስታካፍል 5.25 ይመጣል፣ ለ10 ደግሞ 4.2። ይህ ወደ ዓይንህ የሚመጣው የብርሃን ክብ ስፋት ነው። ገና ሲነጋ ወይም የወንዶ ገነት ደን ጥላ ውስጥ ልዩነቱን ታየዋለህ።

ሌላው የእጅ መንቀጥቀጥ ነው። 10ሩ እሱንም ያጎላዋል፣ የሚታይህንም ቦታ ያጠበዋል። ከቅርንጫፍ ቅርንጫፍ የምትዘል ትንሽ ወፍ ፈልገህ እስክታገኛት በርራ ትሄዳለች። 10ሩ የሚያዋጣው ዝዋይ ዳር ቆመህ ሐይቁ መሃል ያሉ ፔሊካኖችን ስታይ ነው።

መነጽር የምታደርግ ከሆነ፣ ዓይንህ ከሌንሱ 16 ሚሊሜትር ያህል ርቆም ሙሉውን ምስል የሚያሳይህን ምረጥ።

አንድ ነገር ግን አደራ፦ ሱቅ ውስጥ ብቻ አይተህ አትክፈል። እኔ የመጀመሪያዬን እንደዚያ ገዛሁ። ሁለቱ ቱቦዎች ተዛንፈው ኖሯል። ሐዋሳ ሐይቅ ዳር ግማሽ ሰዓት ሳልቆይ ራሴን ፈለጠኝ፤ ዛፍ ላይ የተቀመጠው አንድ ንስር ሁለት ሆኖ ታየኝ።

በር ላይ ውጣና ሩቅ ያለ ታፔላ እይ። ቀኝ ዓይንህን ጨፍነህ የመሃሉን ጎማ አስተካክል። ከዚያ ግራህን ጨፍነህ የቀኙን ቀለበት አዙር። በሁለቱም ስታይ ጽሑፉ ከተደረበ ወይም ዓይንህን ከጎተተው፣ ዋጋው ምንም ቢረክስ መልስላቸው።