የ«ኪዩር» ገዳይ ማን ነው?

ጥያቄ፦ «ኪዩር» የተሰኘውን የጃፓን ፊልም ከጓደኞቼ ጋር አየነው። ስለ ተከታታይ ግድያ የሚተርክ የወንጀል ፊልም ነው ተብለን ነበር፤ ይሁንና ዋናው ተጠርጣሪ ሰዎቹን በእጁ ሲገድል አላየንም፤ መጨረሻውም ምግብ ቤት ውስጥ ድንገት ተቋረጠብን። ለመሆኑ ገዳዩ ማን ነው? ዳይሬክተሩስ የዝነኛው ጃፓናዊ ዳይሬክተር የአኪራ ኩሮሳዋ ልጅ ነው?
(አንድ አንባቢ፣ ከሐዋሳ)

መልስ፦ ከሁለተኛው ጥያቄዎ እንጀምር፤ ዳይሬክተሩ ኪዮሺ ኩሮሳዋ በ1955 እ.ኤ.አ. በኮቤ ከተማ የተወለደ ሲሆን፣ ከአኪራ ኩሮሳዋ ጋር ዝምድና የለውም። ለዋናው ጥያቄዎ መልስ ስንሰጥ የፊልሙን መጨረሻ መግለጣችን አይቀርምና፣ ገና ያላዩት አንባቢዎች ቀሪውን ቢያቆዩት ይሻላል።

በ1997 እ.ኤ.አ. በወጣው በዚህ ፊልም የሚገደሉት ሰዎች ሁሉ አካላቸው በኤክስ ቅርጽ በስለት ተሰንጥቆ ይገኛል፤ ገዳዮቹ ግን የተለያዩ ናቸው፤ ከእነርሱም መካከል መምህር፣ ፖሊስና ሐኪም አሉ። ብዙ ሳይርቁ ይያዛሉ፣ ድርጊታቸውን አይክዱም፣ ምክንያቱን ሲጠየቁ ግን የሚሉት ያጣሉ። የሚያገናኛቸው ማሚያ የተባለ፣ ቀድሞ ሥነ ልቦና ያጠና፣ አሁን ግን ትናንትን እንኳ የማያስታውስ ወጣት ነው። ማሚያ ግደሉ ብሎ ሲያዝ አንሰማውም። «ማን ነህ?» እያለ ደጋግሞ ይጠይቃል፤ የላይተር ነበልባል ወይም ወለል ላይ የሚፈስ ውኃ የሰውየውን ዓይን ሲይዘው፣ ለዓመታት አምቆት የኖረው ቂም ይወጣል። ለሐኪሟ የሚያነሳባት ሴት በመሆኗ የደረሰባትን ንቀት ነው። ስለዚህ ማሚያ ቂም አይፈጥርም፣ ያለውን ይፈታል እንጂ። ልብስ ማጠቢያ ቤት ውስጥ ለብቻው በንዴት ሲያጉተመትም የነበረው ደንበኛ፣ ሠራተኛው ሲመለስ ምንም እንዳልተፈጠረ ጨዋ ሆኖ የሚቆመው ለዚህ ይመስለናል፤ ያ ሰው ማሚያን አግኝቶት አያውቅም።

ፊልሙ የወጣው የአውም ሺንሪክዮ ሃይማኖታዊ ቡድን አባላት በመጋቢት 1995 እ.ኤ.አ. በቶኪዮ የምድር ውስጥ ባቡር ሳሪን የተባለውን መርዝ ከለቀቁ ከሁለት ዓመት በኋላ ነው። ከአጥቂዎቹ መካከል ሐኪም እንደነበረ የሚያውቅ ተመልካች፣ የተከበረ ሙያ ያለው ሰው ድንገት ነፍሰ ገዳይ ሲሆን ማየቱ እንደ ተረት አይሆንበትም።

ካሜራው ከግድያው መራቁ ደግሞ ከሁሉ ይልቅ የምናደንቀው ነው። ፖሊሱ በጠራራ ፀሐይ ከጣቢያዋ ወጥቶ ባልደረባውን በጥይት ሲመታ፣ ካሜራው አይጠጋም፣ ምስሉም አይቆረጥም፤ የሥራ ሰዓቱን ተግባር እንደሚያከናውን ሰው ሬሳውን ወደ ውስጥ ሲጎትት ከሩቅ ቆመን እናያለን።

ወደ መጨረሻው ስንመጣ፣ መርማሪው ታካቤ ቤቱ ሲገባ፣ የአእምሮ ሕመምተኛ የሆነችው ባለቤቱ ባዶውን የልብስ ማጠቢያ ማሽን አብርታ ትጠብቀዋለች፤ ምንም ሳይል ያጠፋዋል። ማሚያ የታመቀውን ያየው በዚህ ትዕግሥት ውስጥ ነው። ታካቤ ማሚያን ተኩሶ ከገደለው በኋላ፣ የባለቤቱን አስከሬን በኤክስ ምልክቱ ለቅጽበት እናያለን፤ ቀጥሎም ታካቤ ምግብ ቤት ተቀምጦ እናገኘዋለን፤ አስተናጋጇም ከእርሱ ዘንድ ከሄደች በኋላ ቢላዋ ታነሳለች። ፍጻሜው ያልተፈታ እንቆቅልሽ ነው የሚሉ አሉ፤ እኛ ግን አንስማማም፤ የማሚያን ሥራ የተረከበው ታካቤ ነው። ማስረጃችን ሳህኑ ነው፦ ቀደም ሲል በዚያው ምግብ ቤት የቀረበለትን ሳይነካ የተወው ሰው፣ አሁን ጥርግ አድርጎ በልቷል። ታካቤን የሚጫወተው ኮጂ ያኩሾ በዚህ ሚና በቶኪዮ ዓለም አቀፍ የፊልም ፌስቲቫል የምርጥ ተዋናይ ሽልማት ያገኘው፣ እንዲህ ያለውን ለውጥ ያለ አንዳች ንግግር በአበላሉና በአቀማመጡ ብቻ ማሳየት በመቻሉ ቢሆን አይገርመንም።